ዓይን ሲደክም፤ ከዒትባን ቤት እስከ መርካቶ በረንዳ



የዓይን ብርሃን ከሰው የሚለየው በሁለት መንገድ ነው። አንዱ በድንገት የሚመጣው ነው። አደጋ ደርሶ ወይም ብርቱ ሕመም ጥሎ ሰው በአንድ ቀን ማየት ያቆማል። እንዲህ ያለው ሐዘን ከማንም አይሰወርም፤ ዘመድ ይሰበሰባል፣ ጎረቤት ይጠይቃል፣ ያለው ገንዘቡን፣ የሌለው ዱዓውን ይዞ ይመጣል። ሁለተኛው ግን ድምፅ የለውም። ስንጥቅ እንዳለው እንስራ ውሃ በወራትና በዓመታት ጠብ ጠብ እያለ ያልቃል። የቤቱ ሰው ቀርቶ ባለቤቱ ራሱ መጉደሉን የሚያውቀው ብዙ ከጎደለ በኋላ ነው።

የዛሬው ጽሑፋችን በዚህ በሁለተኛው ላይ ያተኩራል። ቀደምት ሙስሊሞች ዓይናቸው ሲደክም ምን አደረጉ? በዙሪያቸው የነበሩትስ ምን አደረጉላቸው? ሐኪሞቻቸውና የገበያ ተቆጣጣሪዎቻቸው ስለ ዓይን ምን ያውቁ ነበር? ይህስ ታሪክ ዛሬ በመርካቶ ለሚኖር ቤተሰብ ምን ይነግረዋል? እነዚህን ጥያቄዎች በቅደም ተከተል እንመለከታለን።

ገበያና ዓይን

እንደሚታወቀው የአዲስ አበባ ዋናው ገበያ ቀድሞ በአራዳ፣ በጊዮርጊስ ቤተ ክርስቲያን አካባቢ ነበር። ፋሺስት ኢጣሊያ ከተማይቱን ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. በያዘበት ዘመን ግን አራዳን ለአውሮፓውያን ለመለየት አስቦ የአገሬውን ሰው ገበያ ወደ ምዕራብ አዛወረው። መርካቶ የሚለው ስም ራሱ በጣልያንኛ ገበያ ማለት ነው። ወራሪው ሄደ፤ ገበያው ግን ቀረና ሰፋ። ከጉራጌና ከስልጤ፣ ከወሎና ከሐረር፣ ባሕር ተሻግረውም ከየመን የመጡ ነጋዴዎችና የእጅ ባለሙያዎች በየተራው ሰፈሩበት። ድር ተራ፣ ሸማ ተራ፣ በርበሬ ተራ፣ ቆርቆሮ ተራ፣ ምናለሽ ተራ እየተባለም እያንዳንዱ ሥራ የራሱን ስም ያዘ።

እስቲ እነዚህን ተራዎች በዓይን በኩል እንያቸው። ድር ተራ ያለ ነጋዴ ጥቁሩን ክር ከጥቁር ሰማያዊው መለየት አለበት። በበረንዳ ላይ መኪናውን የተከለ ልብስ ሰፊ ቀኑን ሙሉ ዓይኑን ከመርፌ አይነቅልም። ቆርቆሮ ተራና ምናለሽ ተራ የብረት ፍንጣሪና የብየዳ ብልጭታ ያለበት ሥራ ነው። በርበሬ ተራ ዓይንን የሚለበልብ ብናኝ አለ። በሁሉም ተራ ደግሞ ገንዘብ ይቆጠራል። በ2013 ዓ.ም. መስከረም የ10፣ የ50 እና የ100 ብር ኖቶች ተቀይረው አዲስ የ200 ብር ኖት ሲወጣ፣ ዓይኑ የደከመ ነጋዴ ለብዙ ዓመት የለመደውን ቀለምና መልክ እንደገና መማር ነበረበት።

በዚህ ዓይነት ቦታ ዓይኑ መድከም የጀመረ ሰው ምን ያደርጋል? ብዙ ጊዜ ይደብቃል። መጀመሪያ አምፖሉ ደካማ ነው ይላል። ቀጥሎ መርፌውን ለተለማማጁ እየሰጠ «ክሩን አስገባልኝ» ይላል። በስልኩ የገባውን መልእክት ልጁ እንዲያነብለት ያደርጋል። ከቤቱ እስከ ሱቁ፣ ከሱቁ እስከ መስጂዱ ያለውን መንገድ እግሩ ስለሚያውቀው በልምድ ይሄዳል። ሰላምታ ያልመለሰለት ወዳጁ «ኮርቶብኛል» ብሎ ይቀየመዋል እንጂ አላየኝም ብሎ አያስብም። ሰውየው የሚደብቀው ያለ ምክንያት አይደለም። ገበያ ውስጥ አላይም ማለት ለአታላይ በር መክፈት፣ ለደንበኛም ጥርጣሬ ማሳደር ሆኖ ይታየዋል። ቤት ውስጥም የቤተሰቡ ራስ መሆኑ የሚቀርበት ይመስለዋል። በመሆኑም ሕመሙ ሲገፋ ይኖራል፤ ሰውየውም ዝም ይላል።

ይህን ዝምታ በልባችሁ ያዙና ወደ መዲና አብረን እንመለስ።

ዓይኔ ደከመ ያሉት ኢማም

ዒትባን ኢብኑ ማሊክ (ረ.ዐ.) ከመዲና አንሷሮች፣ ከበኒ ሳሊም ወገን የሆኑና በበድር የተሳተፉ ሰሓባ ናቸው። ለወገኖቻቸው በሰላት ኢማም ነበሩ። በቡኻሪና በሙስሊም ሰሒሕ ኪታቦች ውስጥ የተዘገበው ታሪካቸው እንደሚያስረዳው፣ አንድ ቀን ወደ ረሱል (ሰ.ዐ.ወ.) መጥተው ዓይናቸው እየደከመ መሆኑን ነገሯቸው። ዝናብ ሲዘንብ በእሳቸውና በወገኖቻቸው መስጂድ መካከል ያለው ሸለቆ ጎርፍ ስለሚሞላው ተሻግረው ማሰገድ እንደማይችሉም አስረዱ። ከዚያም ረሱል (ሰ.ዐ.ወ.) ቤታቸው መጥተው ቢሰግዱላቸውና ያንን ቦታ መስገጃቸው ቢያደርጉት እንደሚወዱ ጠየቁ።

ረሱልም (ሰ.ዐ.ወ.) እሺ አሉ፤ ነገሩንም በአላህ ፈቃድ አያያዙት። በማግሥቱ ፀሐይ ከፍ ስትል ከአቡበክር (ረ.ዐ.) ጋር መጡ። አስፈቅደው ገቡ፤ ገና ሳይቀመጡም ከቤቱ የትኛው ቦታ ላይ እንዲሰግዱ እንደሚፈልጉ ጠየቋቸው። ዒትባን ቦታውን አመለከቱ። ረሱል (ሰ.ዐ.ወ.) ቆመው አላሁ አክበር አሉ፤ ሌሎቹም ከኋላ ተሰልፈው ሁለት ረከዓ ሰገዱ። ከዚያም ባለቤቱ ሥጋና ዱቄት ያለበት ምግብ አዘጋጅተው ስለነበር እንግዶቻቸውን አቆይተው አስተናገዱ።

በአንዳንዶቹ ዘገባዎች ላይ ዒትባን ዓይናቸው የደከመ፣ በሌሎቹ ላይ ደግሞ ዓይነ ስውር የነበሩ ተደርጎ ተጠቅሷል። የሐዲስ ሊቃውንት ይህን ሲያስታርቁ ማየታቸው እየከዳቸው ወደ መታወር ተቃርበው ስለነበር ነው ብለዋል። እንግዲህ ይህ ታሪክ በትክክል የኛ ርዕስ ታሪክ ነው፤ ብርሃኑ ቀስ በቀስ እየሄደበት ያለ ሰው ታሪክ።

ውድ አንባቢያን! ሁለት ነገሮችን ልብ በሉ። የመጀመሪያው ዒትባን መናገራቸው ነው። ሰዎች የሚከተሏቸው ኢማም ሆነው ሳለ ጨርሶ እስኪጨልም አልጠበቁም። ችግሩንም በደፈናው አላቀረቡም፤ ዓይኔ ደከመ፣ ዝናቡ እንዲህ ያደርጋል፣ ሸለቆው እዚህ ጋ ነው፣ የምፈልገውም ይህን ነው ብለው አስረዱ። ሁለተኛው የተሰጣቸው መልስ ነው። የተነገራቸው ሰው የማጽናኛ ቃል ልከው አልቀሩም፤ በማግሥቱ ቤት ድረስ መጡ፤ ቦታውንም ራሳቸው አልመረጡላቸውም፤ የት ትወዳለህ ብለው ጠየቁ። የመርካቶን የሐምሌ ጎርፍ፣ ክዳኑ የተነሳ ቦይና ድጥ የሆነ ድንጋይ የሚያውቅ ሰው የዒትባን ሸለቆ ሩቅ አይሆንበትም። በየሰፈራችን ከቤት እስከ መስጂድ ያለው መቶ እርምጃ የማይሻገሩት ሸለቆ የሆነባቸው ሽማግሌዎችና እናቶች አሉ። ብዙዎቹ ግን አልተናገሩም፤ እኛም አልጠየቅናቸውም።

ሌሎች ዓይኖች

በዚያው በመዲና ዐብደላህ ኢብኑ ኡሙ መክቱም (ረ.ዐ.) የሚባሉ ዓይነ ስውር ሰሓባ ነበሩ። «ዐበሰ» የተሰኘችው ሱራ መጀመሪያ የወረደችው በእሳቸው ምክንያት መሆኑን ብዙዎቻችሁ ታውቃላችሁ። ረሱል (ሰ.ዐ.ወ.) ከመዲና ሲወጡ እሳቸውን በተደጋጋሚ ተክተዋቸው ይሄዱ ነበር። በረመዳን ለሊት የመጀመሪያውን አዛን የሚያደርጉት ሐበሻው ቢላል (ረ.ዐ.) ሲሆኑ፣ ጎሕ ሲቀድ ሁለተኛውን የሚያደርጉት ኢብኑ ኡሙ መክቱም ነበሩ። ዓይነ ስውር ሰው ጎሕ መቅደዱን በምን ያውቃል? ሰዎች ነጋ ነጋ ይሏቸው ነበር። የከተማው ሰው ሁሉ ጾሙን የሚይዘው በእሳቸው ድምፅ ነበር፤ እሳቸው ደግሞ ንጋቱን የሚያውቁት በከተማው ሰው ዓይን ነበር። ማንም ሥራውን ከእጃቸው አልነጠቀም፤ የጎደለውን ብቻ ሞሉላቸው።

ከዕብ ኢብኑ ማሊክ (ረ.ዐ.) በተቡክ ዘመቻ ቀርተው በኋላ ተውበታቸው ተቀባይነት ያገኘው ታዋቂ ሰሓባ ናቸው። በሽምግልናቸው ዓይናቸው ጠፋ። ከልጆቻቸው መካከል እጃቸውን ይዞ የሚመራቸው ዐብደላህ የሚባለው ነበር። ያንን ረጅሙንና ልብ የሚነካውን የተቡክ ታሪክ ከአባቱ አንደበት ሰምቶ ያስተላለፈልንም ይኸው መሪ ልጅ ነው። አባትን በእጅ ይዞ መሄድ ሸክም ብቻ የሚመስለው ወጣት ካለ ይህን ያስተውል። ዐብደላህ አባቱን ሲመራ ታሪክ ወረሰ።

ጃቢር ኢብኑ ዐብደላህም (ረ.ዐ.) በዕድሜያቸው መጨረሻ ዓይናቸውን አጥተዋል። በሙስሊም ሰሒሕ ላይ እንደተዘገበው ጎብኚዎች ሲመጡባቸው ማን ማን እንደሆኑ አንድ በአንድ ጠየቁ። ከመካከላቸው የሑሰይን የልጅ ልጅ የሆኑት ወጣቱ ሙሐመድ ኢብኑ ዐሊይ ስማቸውን ሲናገሩ፣ ጃቢር እጃቸውን ሰደው ራሳቸውን ዳሰሱ፤ ቁልፋቸውን ፈተውም መዳፋቸውን ደረታቸው ላይ አኖሩ። ከዚያ በኋላ ስለ ረሱል (ሰ.ዐ.ወ.) ሐጅ ተጠይቀው የተናገሩት ረጅም ሐዲስ እስከ ዛሬ ለሐጅ ሥርዓት ዋና መረጃ ነው። ሽማግሌው በዓይናቸው ማየት ካቆሙ በኋላም ያዩትን አልረሱም።

መታከም ወይስ መስገድ?

እስካሁን ያነሳነው ስለ ክብርና ስለ ድጋፍ ነው። ይሁን እንጂ ቀደምቶቻችን ከዚህ ሌላ አንድ ከባድ ጥያቄ ገጥሟቸው ነበር፤ እሱም ሕክምናን ይመለከታል።

የረሱል (ሰ.ዐ.ወ.) የአጎት ልጅ፣ የቁርኣን ተፍሲር ሊቁ ዐብደላህ ኢብኑ ዐባስ (ረ.ዐ.) በስተመጨረሻ ዓይናቸው ደክሞ ጠፍቷል። በ68 ሒጅሪያ በጣኢፍ ሲሞቱ ዓይነ ስውር ነበሩ። እንደሚተረከው ዓይናቸው ላይ ውሃ በወረደ ጊዜ ሊያክሟቸው የሚችሉ ሰዎች መጥተው ነበር። ሆኖም ሕክምናው ለተወሰኑ ቀናት በጀርባ መተኛትን ይጠይቅ ስለነበር፣ በእነዚያ ቀናት ሱጁድ ማድረግ አይቻልም። ኢብኑ ዐባስም ጉዳዩን ሌሎች ሰሓቦችን አስጠይቀው ሕክምናውን ተዉት ይባላል።

ውሃ ወረደ የሚለው አነጋገር ዐረቦች የዓይን ሞራን የሚጠሩበት ነው። ከአንጎል ፈሳሽ ወርዶ ከብሌኑ ኋላ የሚረጋ ይመስላቸው ነበር። የኛ ሰው ደግሞ ነጣ ብሎ ሲጋርድ አይቶ ሞራ አለው። ዛሬ እንደሚታወቀው ግን ሞራ ከውጭ የሚመጣ ነገር ሳይሆን በብሌኑ ውስጥ ያለው ጥርት ያለ ምስሪት በዕድሜ፣ በስኳር በሽታ ወይም በጉዳት ሲደፈርስ የሚፈጠር ነው። የዚያ ዘመን ሐኪም ይህን የደፈረሰ ምስሪት በመርፌ ገፍቶ ወደ ታች ያወርደው ነበር። ወደ ቦታው እንዳይመለስም በሽተኛው ሳይንቀሳቀስ በጀርባው መተኛት ነበረበት።

የኢብኑ ዐባስ ታሪክ በፊቅህ ሊቃውንት መካከል ሰፊ ውይይት አስነስቷል። ኢማም ማሊክና አል-አውዛዒይ እንዲህ ላለ ሕክምና ብሎ ተኝቶ መስገድን አልፈቀዱም። ሌሎች ግን የተለየ አቋም ያዙ። ኢብኑ ቁዳማ በ«አል-ሙግኒ» እንዳሰፈሩት፣ ዓይኑን የታመመ ሰው የሚታመን የሕክምና ዐዋቂ «በጀርባህ ተኝተህ ብትሰግድ ትድናለህ» ካለው እንዲያ መስገድ ይፈቀድለታል፤ ይህም የአቡ ሐኒፋ አቋም ጭምር ነው። በዚህ መንገድ ሐኪሙ የሚናገረው ቃል በሰላት ሕግ ውስጥ ክብደት አገኘ። ዓይንን ማዳን ለሰላት አቋቋም ምክንያት ሊሆን እንደሚችል ታወቀ።

ይህ የድሮ ወሬ ብቻ አይደለም። ዛሬም የሞራ ቀዶ ሕክምና የተደረገለት ሰው ለተወሰኑ ቀናት ጎንበስ እንዳይል ይመከራል። ይህን ሰምተው «ሱጁዴን ከማጣ ዓይኔን ልጣ» ብለው ሕክምናውን የሚሸሹ አባቶችና እናቶች ይኖራሉ። ንግግራቸው ከእምነት የመነጨ ስለሆነ ልንንቀው አይገባም። ነገር ግን ሊቃውንቱ ከብዙ መቶ ዓመታት በፊት የመከሩበት ጉዳይ መሆኑን ልንነግራቸው፣ የሚያምኗቸውን ዓሊም ወስደን ልናስጠይቅላቸው ይገባል።

የዓይን ሐኪሞችና የገበያው ሹም

በዐባሲዮች ዘመን የዓይን ሐኪም «ከሓል» ይባል ነበር፤ ቃሉ ዓይን ከምንኳልበት ኩል ጋር የተዛመደ ነው። በ9ኛው ክፍለ ዘመን (እ.ኤ.አ.) በባግዳድ የነበረው ክርስቲያኑ ሐኪም ሑነይን ኢብኑ ኢስሐቅ ስለ ዓይን አሥር ድርሳናት ጻፈ። በ11ኛው ክፍለ ዘመን የባግዳዱ ዐሊይ ኢብኑ ዒሳ ያዘጋጀው መጽሐፍ ደግሞ የዓይንን አፈጣጠር፣ ከውጭ የሚታዩትን በሽታዎችና ከውጭ የማይታዩትን በሦስት ክፍል ከፍሎ ያስረዳ ነበር። ይህ አከፋፈል በራሱ ትምህርት አለው፤ በዚያ ዘመን የነበረ ሐኪም መልኩ ጤነኛ የሚመስል ዓይን ውስጡ ሊታመም እንደሚችል ያውቅ ነበር። ከሞሱል ተነስቶ ግብፅ የገባው ዐማር ኢብኑ ዐሊይ በበኩሉ ሞራን ወደ ታች ከመግፋት ይልቅ ክፍት በሆነ መርፌ መጥጦ የማውጣት ዘዴን ጽፏል።

ለመርካቶ ነጋዴ ይበልጥ የሚቀርበው ግን የሚቀጥለው ነው። በ12ኛው ክፍለ ዘመን በሻም የነበሩት ዐብዱረሕማን አሽ-ሸይዘሪ ስለ ገበያ ቁጥጥር መጽሐፍ ጽፈዋል። ሙሕተሲብ የሚባለው የገበያ ሹም የዳቦ ጋጋሪውን ሚዛንና የሥጋ ሻጩን ንጽሕና እንደሚመረምር ሁሉ የዓይን ሐኪሙንም ይመረምራል። የሑነይንን አሥር ድርሳናት አውቆ ፈተናውን ያለፈ ብቻ ነበር የሚፈቀድለት። አሽ-ሸይዘሪ በየመንገዱ እየዞሩ ዓይን እናክማለን የሚሉትን በብርቱ ያስጠነቅቃሉ፤ ያለ ዕውቀት በሰው ዓይን ላይ ስለት ከመሰንዘርና የማይሆን ኩል ከመሸጥ የሚከለክላቸው የለምና አትመኗቸው ይላሉ።

ከዚህ ሁሉ ዘመን በኋላ ይህ ማስጠንቀቂያ አላረጀም። ዓይን ሲቀላ ወይም ሲያሳክክ ያለ ሐኪም ትእዛዝ ጠብታ ገዝቶ መጠቀም የተለመደ ነው። ከእነዚህ ጠብታዎች አንዳንዶቹ እንደ ዴክሳሜታዞን ያለ ስቴሮይድ አለባቸው። ቅላቱን በአንድ ቀን ስለሚያጠፉ ፍቱን ይመስላሉ። ለወራት ሲወሰዱ ግን የዓይንን ግፊት ከፍ ያደርጋሉ፣ ሞራም ያመጣሉ። ሰው ለማሳከክ ብሎ የገዛው ጠብታ ብርሃኑን ይወስድበታል ማለት ነው። የገበያው ሹም ባይኖርም እያንዳንዱ የቤተሰብ ኃላፊ በቤቱ የመድኃኒት ሳጥን ላይ ሙሕተሲብ ይሁን።

ዋጋውን በጣቱ ያነብ የነበረው ነጋዴ

ሕክምና ያልደረሰለትስ ሰው? በሞንጎሎች ዘመን በባግዳድ ዘይኑዲን አል-አሚዲ የሚባሉ ዓሊም ነበሩ። ዓይናቸውን ያጡት ገና በወጣትነታቸው ነው። ይሁንና መጻሕፍት እየገዙ የሚሸጡ ነጋዴም ነበሩ። የዓይነ ስውራንን ታሪክ በአንድ መጽሐፍ የሰበሰቡት አስ-ሰፈዲ እንደሚተርኩት፣ አል-አሚዲ መጽሐፍ ሲገዙ ከቀጭን ወረቀት ላይ ቆርጠው ያጠነጥኑና ዋጋውን በሚያመለክቱ ፊደላት ቅርጽ ያጥፉታል። ያንን ከሽፋኑ ውስጠኛ ክፍል ላይ ይለጥፉና በላዩ ሌላ ወረቀት ያለብሱታል። መጽሐፉን የገዙበትን ዋጋ ለማወቅ ሲፈልጉ በጣታቸው ዳስሰው ያነቡታል። አስ-ሰፈዲ የሞቱት እ.ኤ.አ. በ1363 ነው፤ ፈረንሳዊው ሉዊ ብሬል ዛሬ ዓለም የሚጠቀምበትን የነጠብጣብ ጽሕፈት ከማዘጋጀቱ ከአራት መቶ ዓመት በላይ ቀደም ብሎ ማለት ነው።

አል-አሚዲ አላይም ብለው ከገበያ አልወጡም። ማየት አለመቻላቸውን ሸሽገው ለአታላይ መጫወቻም አልሆኑም። ለሥራቸው የሚሆን መላ ፈጠሩ። በመርካቶም ዓይኑ የደከመ ነጋዴ ዕቃውን በየቦታው ለይቶ ማስቀመጥ፣ ኖቶቹን በየኪሱ መደርደር፣ የሚያምነውን ሰው ከጎኑ ማቆም ይችላል። ይህ ሁሉ ግን የሚጀምረው እውነቱን ከመናገር ነው።

በአገራችን

እ.ኤ.አ. በ2005 እና 2006 በመላ ኢትዮጵያ የተካሄደው የዓይን ጤና ጥናት እንዳሳየው ከመቶ ሰው 1.6ቱ ዓይነ ስውር፣ 3.7ቱ ደግሞ ማየት የተሳነው ባይሆንም ዓይኑ በጣም የደከመ ነበር። ለመታወር ምክንያት ከሆኑት ግማሽ ያህሉን፣ ማለትም 49.9 በመቶውን የያዘው ሞራ ነው። ትራኮማ 11.5 በመቶ፣ ግላኮማ 5.2 በመቶ ነበሩ። ከሁሉ በላይ ሊታሰብበት የሚገባው ቁጥር ደግሞ 87.4 በመቶው መታወር ሊወገድ ይችል የነበረ መሆኑ ነው። በጊዜ ቢደረስላቸው ኖሮ ከአሥሩ ስምንቱና ከዚያ በላይ ባልታወሩ ነበር።

ሦስቱ በሽታዎች ሁሉም ቀስ በቀስ ይመጣሉ፤ አመጣጣቸው ግን ይለያያል።

ሞራ እንደ ጉም ነው። ብርሃን ይበትናል፣ ቀለም ያደበዝዛል፣ አያምም። ደስ የሚያሰኘው ግን ሊመለስ መቻሉ ነው። እንግሊዛዊው ሐኪም ሃሮልድ ሪድሊ እ.ኤ.አ. በ1949 የደፈረሰውን ምስሪት አውጥቶ በቦታው ሰው ሠራሽ ከተከለ ወዲህ፣ ኢብኑ ዐባስ ያጡትን ዓይነት ብርሃን ዛሬ በአጭር ጊዜ ቀዶ ሕክምና መመለስ ተችሏል። በአዲስ አበባ የዳግማዊ ምኒልክ ሆስፒታል የዩኒቨርሲቲው የዓይን ሕክምና ማስተማሪያ ሆኖ ብዙ የዓይን ሐኪሞችን አፍርቷል።

ትራኮማ የልጅነት በሽታ ነው፤ ቅጣቱ የሚመጣው ግን በጎልማሳነት ነው። በእጅ፣ በጨርቅና በዝንብ ከልጅ ወደ ልጅ የሚተላለፍ ተህዋስ ነው። ደጋግሞ ሲይዝ የቆቡን ውስጥ ያጠባስሳል፤ ጠባሳው ቆቡን ወደ ውስጥ ያጥፈዋል፤ ያን ጊዜ ሽፋሽፍቱ በእያንዳንዱ ጥቅሻ ዓይንን ይቧጭራል። እናቶቻችን ወረንጦ ይዘው ያንን ፀጉር የሚነቅሉት ለዚህ ነው። በተጠቀሰው ጥናት ከ1 እስከ 9 ዓመት ካሉት ሕፃናት 40.1 በመቶው፣ በአማራ ክልል ደግሞ 62.6 በመቶው ይህ በሽታ ነበረባቸው። ልጆች ስለሚንከባከቡ ሴቶች ይበልጥ ይጎዱበታል። ከገጠር መጥታ መርካቶ የኖረች እናት የልጅነቷን ጠባሳ ይዛ ሊሆን ይችላል። ኦማን እ.ኤ.አ. በ2012፣ ጋና በ2018፣ ማላዊ በ2022 ይህን በሽታ የሕዝብ ጤና ችግር ከመሆን እንዳስወገዱ በዓለም ጤና ድርጅት ተረጋግጦላቸዋል። ያደረጉትም የታጠፈውን ቆብ በቀዶ ማቅናት፣ መድኃኒት ማደል፣ የልጅ ፊት ማጠብና አካባቢን ማጽዳት ነው። እኛ በቀን አምስት ጊዜ ለውዱእ ፊታችንን እንታጠባለን። በሽታው የሚሰፍረው ግን ገና ሰላት ባልደረሰው ሕፃን ፊት ላይ ነው፤ ስለዚህ ለራሳችን ስንታጠብ ትንሹንም እንጥራው።

ግላኮማ ከሦስቱ አደገኛው ነው። በአብዛኛው በዓይን ውስጥ ያለው ግፊት ከዓይን ወደ አንጎል የሚሄደውን ነርቭ እየገደለ ይሄዳል። ፊት ለፊት ያለውን ሳይነካ ከዳር ከዳር ይጀምራል። ሰውየው ያነባል፣ ይቆጥራል፤ ነገር ግን በመንገድ ላይ ከጎኑ የመጣ ሸክም ይገጨዋል፣ የበሩ መቃን ትከሻውን ይመታዋል። አንዱ ዓይን የሌላውን ጉድለት ስለሚሸፍን አያስተውለውም። የሞተው ነርቭ አይመለስም፤ የቀረውን ግን በጠብታ ወይም በቀዶ ሕክምና ማቆየት ይቻላል። በዘር ስለሚሄድ አባቱ ወይም እኅቱ ግላኮማ ያለባት ሰው ምንም ሳይሰማው መመርመር አለበት።

ለቤተሰብ

ስለዚህ ውድ አንባቢያን! «እርጅና ነው» ብሎ ማለፍን እንተው። ዕድሜው አርባ ያለፈ ሰው የንባብ መነጽር ከበረንዳ ገዝቶ ከማድረጉ በፊት አንድ ጊዜ ዓይኑን ይመርመር። ስኳር ያለበት ሰው በየዓመቱ ዓይኑን ያሳይ። እቤት ውስጥም አንዱን ዓይን በመዳፍ ሸፍኖ በሌላው፣ ከዚያም አቀያይሮ ግድግዳ ላይ ያለውን ሰዓት ማየት ሞራን የመሰለውን ጉድለት ቶሎ ያሳያል፤ ግላኮማን ግን አይገልጥም፤ እሱ ሐኪም ይፈልጋል። እናንት ልጆች አባታችሁ ብርጭቆ ሲጥል፣ እናታችሁ ሩዝ ስትለቅም ጠጠር ሲያመልጣት፣ ከመሳቅ በፊት ጠይቁ። በሰው ፊት ሳይሆን ለብቻ፣ በአክብሮት ጠይቁ። ከምርመራ በኋላ ሊመለስ የማይችል ሆኖ ከተገኘም የዐብደላህ ኢብኑ ከዕብ እጅ የናንተ ይሁን።

እናንት ዓይናችሁ መድከም የጀመረ አባቶችና እናቶች ደግሞ፣ ዒትባን እንዳደረጉት ተናገሩ። በበድር የቆሙ፣ ወገናቸው የሚከተላቸው ኢማም ዓይኔ ደከመ ማለታቸው ክብራቸውን አልቀነሰውም። ታሪካቸው ዛሬም ድረስ የሚነበበው ስለተናገሩ ነው።

አላህ የዓይናችንን ብርሃን እስከ ዕድሜያችን ፍጻሜ ያቆይልን። የታመሙትን ይማርልን፤ ብርሃናቸውን ላጡትም የሚመራ እጅ አያሳጣቸው። አሚን። ወላሁ አዕለም።